የደሴቶቹ ዛጎልና የእቴቴ ትሪ

ባሕር አይቼ አላውቅም። ዕድሜዬን ሙሉ ጂኦግራፊ ሳስተምር ኖሬ በዓይኔ ያየሁት ትልቁ ውሃ የሐይቅ ከተማው ሐይቅ ነው፤ እሱንም ያየሁት ሠርግ ተጠርቼ ሄጄ ነው። ይህን ስል የቀድሞ ተማሪዎቼ ይስቁብኛል፤ ይሳቁ። እኔ ከደሴ ሳልወጣ በዓለም ጫፍ ስላሉ የደሴት ሰዎች አንድ አዳራሽ ሙሉ ሴት ፊት ቆሜ የተናገርኩ ሰው ነኝ። በዚያው ንግግር መሃል ደግሞ የገዛ ጉዴን በገዛ አፌ ዘረገፍኩት። ሜላኔዥያ የሚል ስም በሰማሁ ቁጥር እስከ ዛሬ ጆሮዬ ይግላል።

ነገሩ የሚጀምረው ግን ከውቅያኖስ ሳይሆን ከትሪ ነው።

ያን ጊዜ የምንኖረው ደሴ፣ ቧንቧ ውሃ የሚባለው ሰፈር ነበር። ግድግዳ ለግድግዳ የምንጎራበታቸው ሴት የነጋዴ ሚስት ናቸው። የባላቸው አያት ከየመን ተሻግረው የመጡ፣ ቤተሰቡም በጨርቅና በቅመም ንግድ የኖረ ነው። እኔ እቴቴ እላቸው ነበር፤ እዚህም እንዲያው እቴቴ ልበላቸው። እናቴ ልብስ ሰፊ ናት። የወንጌል አማኞች ስለሆንን ሰፈሩ "ጴንጤዋ ሰፊ" ይላታል። እቴቴ ሰላታቸውን ይሰግዳሉ፣ እናቴ መዝሙሯን ትዘምራለች፣ ከዚያ ሁለቱም ግቢያችን ውስጥ ተቀምጠው የሰው ሚስት ያማሉ። አንዷ የሌላዋን ሃይማኖት ስትነካ ሰምቼ አላውቅም። ምናልባት እናቴ በልቧ ጸልያላቸው ይሆናል፤ እሳቸውም በልባቸው ዱዓ አድርገውላት ይሆናል።

በሁለቱ ቤት መካከል አንድ ትሪ ይመላለስ ነበር። ነጭ ነው፣ ጠርዙ ሰማያዊ፣ መሃሉ ላይ ቀይ አበባ አለበት፣ አንድ ቦታ ቀለሙ ተፈንቅሎ ጥቁር ነጥብ አውጥቷል። መጀመሪያ የማን እንደነበረ የሚያውቅ የለም። እናቴ "የሷ ነው" ትላለች፣ እቴቴም "የሷ ነው" ይላሉ። በኢድ ሙሸበክ የሚባለው ጣፋጭና ተምር ተሞልቶ ወደ እኛ ይመጣል፤ በገና የእናቴን ድፎ ዳቦ ተሸክሞ ይሄዳል። በዓልም አይጠብቅም። ከገጠር ጭኮ ከመጣላቸው ጭኮ፣ የምስር ሳምቡሳ ከጠበሱ ሳምቡሳ፣ እኛ ቤት በቆሎ ከተቀቀለ በቆሎ። ግድግዳውን የማይሻገረው ሥጋ ብቻ ነው፤ በዚያም ማንም ቅር ብሎት አያውቅም። ሕጉ አንድ ነው፤ የጎረቤት ዕቃ ባዶውን አይመለስም። ሌላው ቢጠፋ እፍኝ ቆሎ ጣል ይደረግበታል። እኔም ይህን እያየሁ ነው ያደግኩት። አላውቅም ነበር ብዬ አልዋሽም።

ዘመኑ የማሸግ ዘመን ነበር። የእኛ ጸሎት ቤት ታሸገ። ብዙም ሳይቆይ የእቴቴ ባል ሱቅ፣ ዕቃ ደብቀዋል ተብሎ፣ እሱም ታሸገ። እናቴ "ቀጥሎ የሚታሸገው የስፌት መኪናዬ ነው" ብላ ትቀልድ ነበር፤ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ በሩን አይታ።

ሱቁ በታሸገ በሳምንቱ እናቴ ለልቅሶ ወደ ኩታበር ሄደች። ትሪው እኛ ዘንድ ነበር፤ ከመታሸጉ በፊት እቴቴ በሙሸበክ ሞልተው የላኩት። እናቴ ስትወጣ "ዳቦ ጋግሪና ትሪውን መልሺላት። ከፍቷቸዋል፣ ዛሬ ነገ እንዳትይ" አለችኝ። እኔ ያኔ አዲስ አስተማሪ ነኝ፤ አገሩ በእኔ ትከሻ የቆመ የሚመስለኝ። ሊጥ ማቡካት ደግሞ ጠላቴ ነው። ትሪውን በአመድ ፈትጌ፣ መስታወት እስኪመስል አጥቤ፣ ባዶውን ይዤ ሄድኩ። በራቸው እስክደርስ ምክንያት አዘጋጀሁ፦ ሰዎቹ አዝነዋል፣ ባዘነ ሰው ቤት ዳቦ ምን ይሠራል፣ ደግሞስ ይህ የመመላለስ ነገር ኋላ ቀር ልማድ አይደለም ወይ። የተማረ ሰነፍ ምክንያት አያጣም።

እቴቴ በሩን ከፈቱልኝ። "እናቴ አመሰግናለሁ ብላለች" አልኳቸው። ትሪውን ተቀብለው ገልበጥ አድርገው አዩት፤ ከዚያ እኔን አዩኝ። "ይሁን" አሉና በሩን ዘጉት።

እናቴ ስትመለስ "ትሪውን መለስሽ?" አለችኝ። "መለስኩ" አልኩ። መልሻለሁ እኮ!

ከዚያ ወዲህ ትሪው ቀረ። ኢድ መጣ፣ ትሪ የለም። በየመንገዱ ቆመው ሲያወሩ እግራቸው የሚደነዝዝ ሴቶች ነበሩ፤ አሁን ግን እናቴ "እንዴት አደርሽ?" ስትላቸው እቴቴ "አልሐምዱሊላህ" ብለው ማለፍ ጀመሩ። አንድ ቀን እናቴ ጨርቅ እየቀደደች፣ "ፈርታን ነው" አለች። "ጸሎት ቤታችን ስለታሸገ ከእኛ ጋር መታየት ፈርታ ነው። አልፈርድባትም።" አልፈርድባትም ትበል እንጂ እንባዋ ጨርቁ ላይ ጠብ ሲል አይቻለሁ። በግድግዳው ማዶ እቴቴ ለባላቸው ምን እንዳሉ የሰማሁት ብዙ ቆይቶ ነው፦ "ሱቃችን ሲታሸግ ትሪውን ባዶውን ሰደደችልኝ። ወደቁ ብላ ነው።" እያንዳንዳቸው ሌላዋ ሸሸችኝ ብለው ተቀየሙ። እኔስ? አንድ ነገር ይሸተኝ ነበር። ግን በአንድ ባዶ ትሪ ሰው ይኳረፋል ብሎ ማመን ስላልተመቸኝ ዝም አልኩ።

ይባስ ብሎ ሱቁ ከተከፈተላቸው በኋላ ባልየው ደሴን ጠሏት። ኮምቦልቻ ወንድማቸው ጋ ወርደው ሊነግዱ ነው፣ ቅዳሜ ዕቃ ይጫናል ተባለ። እናቴ ወሬውን የሰማችው ከጓደኛዋ አፍ ሳይሆን ከቧንቧ ወረፋ ላይ ነው። ባልዲዋን ሳትሞላ ተመለሰች። ኮምቦልቻ ሩቅ ሆኖ አይደለም፣ ቁልቁል መውረድ ነው፤ ግን ተኳርፈው ከተለያዩ ማን ማንን ይጠይቃል? "በቃ፣ ከነቅያሜዋ ልትሄድ ነው" አለችና ባልዲውን መሬት ላይ ጣለችው።

በዚያው ሳምንት የቀበሌያችን የሴቶች ማኅበር ሊቀመንበር አስጠሩኝ። ሐሙስ ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ውይይት አለ። ስም ስለሚጠራ መቅረት አይቻልም። በየሳምንቱ አንድ የተማረ ሰው ስለ አንድ የዓለም ጭቁን ሕዝብ ይናገራል፤ ርዕሱም ከቆርቆሮ ውስጥ በዕጣ ይወጣል። ከእኔ በፊት የነበረው አስተማሪ ኩባ ደርሶት እየጨፈረ ነው የወጣው። እኔ እጄን ስሰድ የወጣው ወረቀት "የሜላኔዥያ ደሴት ሕዝቦች ታሪክና ባህል" ይላል። ሊቀመንበሯ "ይህ የት ነው?" አሉኝ። "ሩቅ ነው" አልኩ። "ግድ የለም፣ ጭቁን ከሆኑ ይበቃል" አሉ።

በትምህርት ቤታችን መጻሕፍት ቤት የነበረው አንድ ያረጀ ኢንሳይክሎፒዲያ ነው፤ ስለ እነሱ ገጽ ተኩል ሰጥቷል። ያዳነኝ የእናቴ ሳጥን ነው። ከአብዮቱ በፊት በጸሎት ቤታችን ታገለግል የነበረች አንዲት የውጭ አገር ነርስ ነበረች። ወደ እኛ ከመምጣቷ በፊት ብዙ ዓመት በኒው ጊኒ ሠርታለች። ለቃ ስትሄድ የፎቶ አልበሟን ለእናቴ ተወችላት፤ በየፎቶው ጀርባ በእጇ ጽፋበታለች። እናቴ ለእነዚያ ሰዎች ለዓመታት ስትጸልይ ኖራለች፣ የት እንዳሉ ሳታውቅ። እኔም በልጅነቴ ሥዕሉን ብቻ ነበር የማየው። አሁን ጽሑፉን ማንበብ ጀመርኩ።

አይ ሰዎች! ሜላኔዥያ ማለት "የጥቁሮች ደሴቶች" ማለት ነው። ስሙን ያወጡት በመርከብ ሲያልፉ ያዩዋቸው ፈረንጆች ናቸው እንጂ እነሱ ራሳቸውን እንዲያ ብለው ጠርተው አያውቁም፤ ሸለቆው ሁሉ የራሱ ስምና የራሱ ቋንቋ አለው። ፈረንጅ ከመድረሱ ከብዙ ሺህ ዓመት በፊት በኒው ጊኒ ደጋ ቦይ እየቀደዱ ጎደሬ ይተክሉ ነበር። በጎኑ ሚዛን የሚጠብቅ እንጨት በታሰረበት ታንኳ፣ ኮከብ እያዩ፣ ዳርቻው የማይታይ ውሃ ይሻገራሉ። ኋላ ደግሞ ብዙዎቹ እየተታለሉና እየተያዙ ሸንኮራ አገዳ ሊሠሩ ወደ አውስትራሊያ ተጫኑ። ይህን ሳነብ ለሊቀመንበሯ የሚሆን ጭቆና አገኘሁ ብዬ ደስ አለኝ፤ ወዲያው በደስታዬ አፈርኩ።

አንድ ችግር ብቻ ነበረብኝ፤ አሳማ። ሰዎቹ ያለ አሳማ አይድሩም፣ ያለ አሳማ አይታረቁም፣ ያለ አሳማ አይደግሱም። በአዳራሹ የሚቀመጡት ሴቶች ደግሞ እስላሟም ክርስቲያኗም አሳማ የሚለውን ቃል ስትሰማ እንትፍ የምትል ናት። ሁለት ቀን አስቤ መላ መታሁ። በግ አደረግኩት።

ሐሙስ አዳራሹ ጢም ብሎ ሞላ። እናቴ ከፊት በግራ፣ እቴቴ ከኋላ በቀኝ ተቀመጡ፤ የአዳራሹ ግድግዳ ባይዛቸው ከዚያም ይራራቁ ነበር። ስለ ጎደሬው፣ ስለ ታንኳው፣ ስለ አገዳው እርሻ ተናገርኩ። ሊቀመንበሯ ጭቆና በሰሙ ቁጥር ይጽፋሉ። "ጥሎሹ በበግ ነው" ስል ሴቶቹ ራሳቸውን ነቀነቁ፤ ምን ያለ ጨዋ ሕዝብ ነው! ሞኝነቴ አልበሙ እጅ ለእጅ እንዲዞር መስጠቴ ነው። አንዲት ጠላ ሻጭ ፎቶውን ዓይኗ ሥር አስጠግታ፣ "መምህርት፣ ይሄ በግ አፍንጫው ምን ሆኖ ነው?" አለች። ጎኗ ያለችው ነጠቀቻት። "ጭራውንስ ማን ጠመዘዘው?" አልበሙ ከኋላ ደረሰ። እቴቴ መነጽራቸውን አድርገው አዩት። "አስተግፊሩላህ! ይቺ ልጅ ከርከሮ ልታበላን ነው!"

አዳራሹ በሳቅ ተናወጠ። ሊቀመንበሯ አፋቸውን በነጠላ ሸፍነው በሌላው እጃቸው ጠረጴዛ እየመቱ "ሥርዓት! ሥርዓት!" ይላሉ። እናቴ እየሳቀች ዘወር ስትል ዓይኗ ከእቴቴ ዓይን ጋር ገጠመ። እሳቸውም እየሳቁ ነበር። ሁለቱም ወዲያው ፊታቸውን መለሱ።

አሳማው ከወጣ በኋላ እኔም ቀለለኝ፣ ሴቶቹም ልባቸውን ሰጡኝ። ስለ ዛጎሉ ነገርኳቸው። ከኒው ጊኒ በስተ ምሥራቅ ክብ ሠርተው የተቀመጡ ደሴቶች አሉ። በእነዚህ ደሴቶች መካከል ቀይ የዛጎል ሐብል በአንድ አቅጣጫ፣ ነጭ የዛጎል አምባር በተቃራኒው ይዞራል፤ ይህንን ኩላ ይሉታል። "ሐብል የሰጠሽው ሰው" አልኩ "ጊዜውን ጠብቆ አምባር ይሰጥሻል። ዛጎሉ ሳጥን ውስጥ አይቀበርም። ትንሽ ይዘሽው ትኮሪበትና ለሌላው ታሳልፊዋለሽ። የታወቀ ዛጎል የራሱ ስም አለው፤ በማን በማን እጅ እንዳለፈ ይወራለታል። ዋናው ግን ዛጎሉ አይደለም። ማዕበል በማዶው ደሴት ቢጥልሽ በሩን የሚከፍትልሽ ወዳጅ አለሽ። ታዲያ የሚመለሰው ከተሰጠው ጋር መመጣጠን አለበት። ብዙዎቹ ሲታረቁም እንዲሁ ነው፤ ሁለቱ ወገን እኩል ካልሆነ ታረቁ አይባልም።"

አንዲት አሮጊት ጮክ ብለው፣ "እንደኛው የትሪ ነገር ነው እኮ!" አሉ።

እውነቴን ነው የምላችሁ፣ ያን ሁሉ ሳነብና ስጽፍ ሰንብቼ የራሴ ቤት ትሪ አንዴም ትዝ ብሎኝ አያውቅም።

ይሄኔ እቴቴ እጃቸውን አወጡ። "ልጄ፣ አንድ ነገር ልጠይቅሽ። በነዚያ ሰዎች አገር፣ የተላከለትን በልቶ ዕቃውን ባዶ የመለሰ ሰው ምን ይባላል?"

እናቴ ግንባሯን ቋጥራ ዞረች፤ ለማን እንደተባለ አልገባትም። ለእኔ ግን ገባኝ። ስሙ ይጠፋል፣ ወዳጅ ያጣል ብዬ ላልፈው እችል ነበር። ቅዳሜ ግን መኪናው ይመጣል።

"እቴቴ" አልኩ፤ ወረቀቴን አስቀምጬ። "እዚያ ምን እንደሚባል መጽሐፉ አልጻፈውም። እኛ አገር ግን ሰነፍ ይባላል። ትሪዎን ባዶውን የመለስኩት እኔ ነኝ። እናቴ ኩታበር ልቅሶ ሄዳ ነበር። ዳቦ ጋግረሽ ሞልተሽ መልሺ ብላኝ ነበር። አመሰግናለሁ ብላለች ያልኩዎትም ከራሴ ነው።"

ሊቀመንበሯ ወረቀታቸውን አገላብጠው፣ "ጓድ መምህርት፣ ይህ ከርዕሱ ጋር ምን ያገናኘዋል?" አሉ።

"ኧረ በደንብ ይገናኛል!" አለች ጠላ ሻጯ።

እናቴ ከመቀመጫዋ ተነስታ ነበር። "ባዶ ትሪ?" አለች። "ለሷ? ያውም በዚያ ሰሞን?" ወደ እቴቴ ስትዞር ግን እሳቸው ሻሻቸውን አስተካክለው ወጥተዋል።

ቤት ስንገባ እናቴ አልመታችኝም፤ የዱላ ዕድሜ አልፎኛል። ብትመታኝ ይሻለኝ ነበር። "ዓለምን ታስተምሪያለሽ፣ አንድ ሊጥ ማቡካት ያቅትሻል! ያቺን ሴት በክፉ ቀኗ በእኔ ስም ሰደብሽልኝ!" አለችና አለቀሰች። እኔም አለቀስኩ። ዓርብ በጠዋት ድፎ ዳቦ አስጋገረችኝና ይዤ ሄድኩ። በሩን የከፈቱልኝ ባልየው ናቸው። እቴቴ ቤት ሊያጸዱ በመጀመሪያው አውቶቡስ ኮምቦልቻ ወርደዋል። ዳቦውን ላስቀምጥ ስል፣ "እሷ ሳትቀበል እኔ አልቀበልም፤ በናንተ ነገር የለሁበትም" አሉና ፊቴን አይተው አዘኑ። "አብሽሪ ልጄ። ስትቆጣም ቶሎ ነው፣ ስትበርድም ቶሎ ነው።"

ቅዳሜ ዕቃው ተጫነ። እናቴ በራችን ላይ ቆማ አልጋው፣ ሳጥኑ፣ ድስቱ ሲወጣ ተመለከተች። "ትሪው ሲጫን አላየሁም" አለች፤ ደግማ ደጋግማ አለች። ኮምቦልቻ ወርደሽ አናግሪያቸው ብላት፣ "ትሪው እሷ ጋ ነው፣ ተራውም የሷ ነው። እውነቱን ሰምታ ካልላከች በምን ፊቴ እሄዳለሁ?" አለችኝ። ዳቦውን እስኪያልቅ ድረስ እኛው በላነው። እንደዚያ ጉሮሮ የሚይዝ ዳቦ በልቼ አላውቅም።

በአሥረኛው ቀን ግድም የኮምቦልቻ መስመር ሾፌር በራችንን አንኳኳ። በጋዜጣ ተጠቅልሎ በሲባጎ የታሰረ ክብ ነገር ይዟል። እናቴ መቀሷን አንስታ ሲባጎውን ቆረጠች። ትሪው ነው፤ ቀይ አበባው፣ ሰማያዊ ጠርዙ፣ ጥቁር ነጥቡ። በአመድ ተፈትጎ መስታወት እስኪመስል ታጥቧል። ባዶ ነው። አንድ ፍሬ ተምር እንኳ የለበትም።

እናቴ ወንበር ስባ ተቀመጠች። "በቃ" አለች። "ቆረጠችልኝ።"

"ኧረ መልእክት አለ" አለ ሾፌሩ፤ ደንግጦ። "እንዳትረሳ ብለው ሦስት ጊዜ አስደግመውኛል። 'ባዶ ለባዶ ተካክለናል፣ ታርቀናል። በይ ሙይውና ራስሽ ይዘሽልኝ ነይ። ልጅቷን ግን እንዳትልኪብኝ' ብለዋል።"

እናቴ ትሪውን ደረቷ ላይ አቅፋ፣ ሳቅና ልቅሶ አንድ ላይ ያዛት። "ሰምታሻለች!" አለችኝ። "አንቺ ከርከሮ፣ ከዚያ አዳራሽ ሴት ሁሉ በደንብ የሰማችሽ እሷ ናት!" ሾፌሩ ምን እንደያዘን ሳያውቅ አብሮን ሳቀ። እኔም እንባዬን በክንዴ ጠርጌ፣ ማንም ሳያዘኝ ዱቄቱን ነፋሁ። ያን ቀን ያቦካሁትን ሊጥ ክንዴ እስከ ዛሬ ያስታውሰዋል።

በማግስቱ መናኸሪያ ድረስ ሸኘኋት። ትሪው በድፎ ዳቦ ተሞልቶ በነጭ ጨርቅ ተሸፍኗል። አውቶቡስ ስትወጣ "ልያዝልሽ" ብላት፣ "አንቺ? እጅሽን ሰብስቢ!" አለችኝና ጭኗ ላይ አድርጋው ኮምቦልቻ ወረደች። በሦስተኛው ቀን ተምርና ሙሸበክ ይዛ፣ አንገቷ የእቴቴን ሽቶ እየሸተተ ተመለሰች። ከዚያ በኋላ ትሪው ለዓመታት በአውቶቡስ ወጣ፣ ወረደ። እኔ እንድይዘው የተፈቀደልኝ አግብቼ የመጀመሪያ ልጄን ከወለድኩ በኋላ ነው። ያን ቀን እቴቴ በራቸው ላይ ቆመው ጠበቁኝ። መጀመሪያ ጨርቁን ገለጥ አድርገው አዩ። ከዚያ ነው ያቀፉኝ።